የጣረሞት ግራ ጎን

ጡረታ የወጣውን የአውቶቡስ ሾፌር ሰፈሩ «ጣረሞት» ይለዋል። እሱም ደረቱን ነፍቶ አቤት ይላል። ለሕክምና ተማሪዎች ማስተማሪያ በሚቀረጹ ፊልሞች ላይ በሽተኛ ሆኖ ይሠራላ! ልቡም ኩላሊቱም በየተራ ታመውለታል፤ ሲያቃስትማ ካሜራ የያዘው ጎልማሳ ሳይቀር እንባው ይመጣል።

ሚስቱ ግን አንድም ቀን ወዳለት አታውቅም።

«አንተ ሰውዬ፣ በሽታ እኮ ሲጠሩት ይመጣል!»

«ሂጂ ወዲያ! እኔ ብረት ነኝ» ይላታል ሆዱን በጡጫ እየደለቀ።

የዛሬው ሕመም የሐሞት ጠጠር ነው። ቀኙ ሲነካ መጮኽ፣ ግራው ሲነካ ዝም ማለት። ለእሱ ውሃ እንደ መጠጣት ነው። አልጋው ላይ ተጋደመ፤ መብራቱ ፊቱ ላይ ቦግ አለ። አስተማሪዋ ሐኪም እጇን ግራ ጎኑ ላይ አሳርፋ ጫን አለች።

«ወይኔ እናቴ!»

«ከት!» ብሎ የፊልሙ አዘጋጅ ቀረጻውን አስቆመ። «ጋሼ፣ እዚያ ጋ አያምዎትም እኮ!»

«አያመኝም፣ አያመኝም። ተሳስቼ ነው።»

ከበጋው ማብቂያ ጀምሮ እዚያ ቦታ አንድ ነገር ቀስፎ ይዞታል። ለሚስቱ ትንፍሽ አላለም። «አላልኩህም?» ስትለው ገና ከአሁኑ ይሰማዋል፤ ከዚያ ወዲያ ፊልም የሚባል ነገር የለም።

ደገሙት። ጥርሱን ነከሰ። ድምፁን አፈነው፤ ጉልበቱ ግን ሳያማክረው እጥፍ አለ።

«ከት! ጋሼ፣ ስንቱን ሞት ሞተው ጤነኛ መሆን ያቅትዎት?»

ክፍሉ በሳቅ ተናጋ። ጣረሞትም አብሮ ሳቀ። መነሳት ፈለገ፤ በግራው ግድግዳ፣ በቀኙ ሐኪሟ፣ ከእግሩ በኩል ካሜራው። ደግሞስ ምን ብሎ ይነሳል?

ያልሳቀችው ሐኪሟ ብቻ ናት። መብራቱን አስጠፋችና ጎንበስ አለች።

«አባባ፣ ይሄ ከመቼ ጀምሮ ነው?»

«ትናንት ምሳ ላይ ቅባት የበዛበት ነገር ከበላሁ ወዲህ ነው፣ ዶክተር» አለ፣ እንዳጠናው፣ አንዲት ቃል ሳያዛንፍ።

«ያጠኑትን አይደለም የጠየቅኩዎት።»

ያ አልጋ «ከት» በተባለ ቁጥር ዘሎ የሚወርድበት አልጋ ነበር። አሁንም «ከት» እንዲልለት አዘጋጁን በዓይኑ ለመነው። አዘጋጁ አቀረቀረ።

«ከበጋው ማብቂያ» አለ በመጨረሻ። «ግን ዶክተር፣ ለሚስቴ እርስዎ ይንገሩልኝ። እኔ… ደጅ ልቁም።»

«የለም» አለች፣ እጇን ከጎኑ ሳታነሳ። «እርስዎ እዚሁ ይተኛሉ። እሳቸው ይምጡ።»