በልጄ ጥሪ «አቤት» ያሉት አባቴ

ዛሬ ልጄ ሜሮን የአሜሪካ ባሕር ኃይል መኮንን ሆና ስትመረቅ፣ ከመድረኩ በአዲሱ ማዕረጓ «ኤንሳይን አሰፋ!» ብለው ጠሩ።

«አቤት ጌታዬ!» ብለው ብድግ ያሉት ግን የሰማንያ ሁለት ዓመቱ አባቴ ናቸው።

አሰፋ እሳቸው ናቸዋ! በወጣትነታቸው ምጽዋ ላይ የባሕር ኃይል መኮንን ነበሩ። አገራችን ባሕሯንም መርከቦቿንም ካጣች ወዲህ ግን ስማቸውን ከማዕረግ ጋር የጠራላቸው ሰው የለም።

በእኛ ወግ ቢሆን ልጅቷ «ሜሮን ዳዊት» ነበር የምትባለው። ስትወለድ ፎርሙ ላይ የራሴን ላስት ኔም፣ ማለትም የአባቴን ስም፣ ሞላሁና እኔ አባቷ መሀል ላይ ተዘለልኩ። (ዘጠኝ ወር የተሸከመቻት ሚስቴ ጭራሽ የለችበትም፤ ስለዚህ ዝም ብያለሁ።)

አዳራሹ ሳቀ። አባቴ አፍረው ሊቀመጡ ሲሉ፣ ሜሮን መድረኩ ላይ እንዳለች ወደ እሳቸው ዞራ ወታደራዊ ሰላምታ ሰጠቻቸው።

ሻይ ሲይዙ እንኳ የሚንቀጠቀጠው እጃቸው፣ ግንባራቸው ጋ ሲደርስ ቀጥ አለ።

ሲልቨር ስፕሪንግ ወዳለው ቤታችን ስንመለስ መኪና ውስጥ «ጥሪሽን ቀማሁሽ፣ ይቅር በይኝ ልጄ» አሏት።

«ኖ፣ አባባ» አለችና ዩኒፎርሟ ላይ የምታደርገውን የስም ታግ ከቦርሳዋ አውጥታ ኮታቸው ላይ ሰካችላቸው። «አሰፋ» ይላል። አንድ ፊደል መቀየር አላስፈለገም።

ይኸው ቤት ከገባን ሁለት ሰዓት ሆነን፤ ኮቴን አላወልቅም ብለው ሶፋው ላይ ተቀምጠዋል።

እናንተስ ቤት ልጆቹ በስማቸው የሚጠሩባቸው አያት አሉ? ስማቸው ሲጠራ ሰምተው ያውቃሉ? ጻፉልኝ፤ ለሌተናንት አሰፋ አነብላቸዋለሁ።