ሁለቱ ሉቃሶች

ሣህለ ማርያም በብቸና ፍርድ ቤት የምስክር ቃል መጻፍ ከጀመረ አሥራ ሁለት ዓመት ሆኖታል። ሰው ትኩር ብሎ ሲያየው አንገቱን የሚደፋ፣ ከሥራ ሲወጣም ከጓደኛ ይልቅ ከመጽሐፍ ጋር የሚያመሽ ሰው ነው።

በእነዚህ ዓመታት አንድ ነገር ልብ አለ። ምስክሮች ነገሩ የሆነበትን ወር አይስቱም፤ ዓመቱን ግን ይስታሉ። ሲስቱም በዘፈቀደ አይደለም፤ ወይ አራት ዓመት ነው፣ ወይ ስምንት። አገሩ ዘመን የሚቆጥረው በአራቱ ወንጌላውያን ስም ስለሆነ፣ አንዱ ዘመነ ሉቃስ አልፎ ሌላው ሲመጣ የፊተኛው ወሬ ከኋለኛው ጋር ይዳበላል። ቀናቸው በጽሑፍ የተረጋገጠ ስድሳ መዝገቦች አገላብጦ አርባ ሦስቱ ላይ ይህንኑ ስሕተት አገኘ። ከአንድ የሳይንስ መምህር በተዋሰው መጽሐፍ ስለ ስበት ካነበበ በኋላም በደብተሩ ላይ እንዲህ ሲል ሕግ ጻፈ፤ «ብዙ ሰው አብሮ የሚያወራቸው ታሪኮች ይሳሳባሉ፤ በመካከላቸው ያለውም ዘመን ይጠፋል። ታሪኩን ደጋግሞ የሰማም ሰው ውሎ አድሮ አይቻለሁ ይላል።» ሕጉን ለማንም ለማሳየት ባይደፍርም ወሬው ቢሮውን ሁሉ አዳረሰ።

በ1957 ዓ.ም. ይርጋነሽ የምትባል ሴት የአባቷን የገብረ ሚካኤልን ርስት ጠይቃ ስማቸው የተባለ አጎቷን ከሰሰች። አባቷ የሞተው በ1936፣ በዘመነ ዮሐንስ መሆኑን ሁሉም ያምናል። እሷ ግን የተወለደችው ከዚያ በፊት በነበረው ሉቃስ፣ በ1935 ነው ትላለች። አጎቷ ስማቸው ደግሞ፣ «በኋለኛው ሉቃስ፣ በ1939 ነው። ወንድሜ ከተቀበረ ሦስት ዓመቱ! ክርስትናዋንም አላየሁ፣ ሞጣም አልደረስሁ» ብሎ ማለ። እናቷ የመጀመሪያ ልጇን ለመውለድ እንደ ወጉ ሞጣ ወላጆቿ ዘንድ ሄዳ ስለነበር፣ የብቸና ሰው ያየው ነገር የለም። እናትየዋም ሞታለች። የሁለቱም ወገን ምስክሮች የተስማሙት «በዘመነ ሉቃስ ነው» በሚለው ብቻ ነበር።

ከሌላ ጠቅላይ ግዛት ተዛውረው የመጡት ዳኛ ግራ ገባቸው።

«ሣህለ ማርያም፣ ሕግ አውጥተሃል አሉ። የሞጣ ልጅም ነህ። እስቲ ሂድና የትኛው ሉቃስ እንደሆነ አጣርተህ ና።»

በጭነት መኪና ተሳፍሮ፣ በጉንደ ወይን በኩል ሞጣ ገባ። የይርጋነሽን የክርስትና እናት፣ እማሆይ ወለተ ሐናን፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ሥር ተቀምጠው አገኛቸው።

«እማሆይ፣ ክርስትናዋ በየትኛው ሉቃስ ነበር?»

«ስንት ሉቃስ አለ? እኔ የማውቀው አንድ ነው።»

«በየአራት ዓመቱ ይመለሳል እኮ፣ እማሆይ።»

«ይመለስ! ክረምትስ ይመለስ የለም? አየ ልጄ፣ ወረቀት ጨርሶ በልቶሃል! ራስህ እዚያ ነበርህ እኮ። ጧፍ ይዘህ ከፊቴ የቆምኸው ማን ሆነና ነው?»

ሣህለ ማርያም ደነገጠ። ወዲያውም ትዝ አለው፤ የጧፉ ሰም በአውራ ጣቱ ላይ ሲንጠባጠብ፣ የሕፃኗ ልቅሶ፣ እርጥብ ድንጋይ። ገና ልጅ ሳለ ለቅኔ ትምህርት ወደ ዲማ የሄደው በመስከረም 1936 ነው፤ እስከ 1941 ድረስም ሞጣን አላየም። ስለዚህ ክርስትናው ላይ ከነበረ፣ ነገሩ በ1935 ነው። ይርጋነሽ ርስቷን ልታገኝ ነው!

ደስታው ግን ጉንደ ወይን እንኳ አልደረሰም። ይህ ትዝታ እማሆይ ከመናገራቸው በፊት የት ነበር? መኪናው ጭቃ ውስጥ ተቀርቅሮ ሰው ሲገፋ፣ እሱ ጧፉን የያዘበትን እጅ ያስብ ነበር። አንድ ጊዜ ቀኙ ሆነ፤ ሌላ ጊዜ ግራው። ሕጉ እውነት ከሆነ ያየ የመሰለው ሁሉ የሰማው ነው። ያልሆነ እንደሆነ ደግሞ የደከመበት ደብተር ከንቱ ነው። ዝም ቢል ሴትዮዋ ባዶ እጇን ትቀራለች፤ ቢናገር ላላየው ነገር ይምል ይሆናል።

በቀጠሮው ቀን ብዕሩን ለባልደረባው ለኃይለ ጊዮርጊስ ሰጥቶ፣ ምሎ፣ እንደ ምስክር ቆመ። የሚያስታውሰውንም፣ ወደ ዲማ የሄደበትንም ዓመት አንድ በአንድ ተናገረ።

«አየህ ወይስ ሰማህ?» አሉ ዳኛው።

«ክቡር ዳኛ፣ ያየሁ ይመስለኛል። የሰማሁትም ነገር ግን ልክ እንዲሁ ነው የሚመስለኝ።»

ችሎቱ በሳቅ ተሞላ። ከሁሉ አብልጦ የሳቀው ስማቸው ነበር።

«ኧረ ተው! ጧፉን የያዘውማ የቄሱ ልጅ ነው! አንተማ ንፍጥህን በጋቢዬ ጫፍ ስትጠርግ አልነበር!»



«በማን ጋቢ?» አሉ ዳኛው ቀስ ብለው። «ክርስትናዋን አላየሁ፣ ሞጣም አልደረስሁ ብለህ ምለህ አልነበር?»

ስማቸው የጋቢውን ጫፍ ሰብስቦ ከብብቱ ሥር ሸጎጠው።

ርስቱ ለይርጋነሽ ተፈረደ። ሣህለ ማርያም ግን ከችሎቱ የወጣው እንደ ተረታ ሰው ነበር። ጧፍ ካልያዘ፣ ያ የጣቱ ቃጠሎ ከየት መጣ? ስማቸውስ በእውነት በዚያ ቆሞ ነበር፣ ወይስ የራሱ የሣህለ ማርያም ትረካ ስቦ አስገባው? ሕጉ ፈረሰ ወይስ ጸና?

ይርጋነሽ ከበሩ ላይ ደርሳ ጉልበቱን ልትስም ጎንበስ አለች። ክንዷን ይዞ አቀናት።

«ይርጋነሽ፣ እውነቱን ንገሪኝ፤ ዕድሜሽ ስንት ነው?»

«እኔ ምኑን አውቄ፣ ጋሼ!» አለች እንባዋን እየጠረገች። «ከዛሬ ጀምሮ ሃያ ሁለት ነኝ።»