ድራም መቺው ይቸኩላል

የከተማችን የፉለርተን ልጆች የፖፕ ፐንክ ሮክ ባንድ የመጀመሪያ አልበሙን ካወጣ ወዲህ አንድ ሰውዬ ከሲዲ ሱቃችን አልጠፋም። የፒዛ ቤት ሸሚዙን እንደለበሰ ይመጣል፤ የሱቁን ማዳመጫ ጆሮው ላይ ደፍቶ አልበሙን እየሰማ በጣቶቹ ጭኑን ይመታል፤ አንድም ምት አይስትም። ሲወጣ አልበሙን ከጃዝ ሲዲዎቹ ኋላ ይደብቀዋል። እኔ እመልሰዋለሁ።

ዛሬ ባልደረባዬ ማሪሴላ አላስቻላትም። «ወንድሜ፣ ካልወደድከው ምን ያደክምሃል?»

«ድራም መቺው ይቸኩላል» አላት። «ከልጆቹ ጋር ቤት፣ መኪና ማቆሚያው ጋራዥ ውስጥ ስንለማመደው እንዲህ አልነበረም።»

ከሲዲው ሽፋን ውስጥ ወረቀቱን አውጥቶ የሚመሰገኑትን ስሞች እስከ ታች አነበበ። የዘፋኙ ውሻ እንኳ ተመስግኗል። እንደገና ከላይ ጀመረ። ከዚያ ወረቀቱን ገልብጦ፣ ፎቶው ላይ የድራም መቺውን ፊት በአውራ ጣቱ ሸፈነ።

ድራሙን ግን አልሸፈነውም።