ብቻዬን ልቀመጥ ብዬ

ሥዕል አልመጣልኝ ሲል ጥፋቱን ሁሉ በሰቆጣ ጫጫታ ላይ አላከክሁ። ሸራዬንና ቀለሜን በአህያ አስጭኜ ደሃና ወረዳ ገጠር ገባሁና አንዲት ጎጆ ተከራየሁ። የሕይወትን ትርጉም ሳላገኝ ላልወጣ ለራሴ ቃል ገብቼ በሬን ዘጋሁ።

ሦስት ቀን ሙሉ ነጩ ሸራ ላይ ሳፈጥ ሰነበትሁ። በአራተኛው ቀን ጠዋት ጎረቤቴ የሆኑ አዛውንት ከባለቤታቸው ጋር መጡ። አንገታቸውን ደፍተው መደቡ ላይ ተቀመጡ።

"ማን ነው የሞተብህ ልጄ?" አሉ አዛውንቱ።

"ኧረ ማንም አልሞተብኝም አባቴ። ሥዕል ልሠራ ነው በሬን የዘጋሁት።"

ሁለቱ ተያዩ። "ኀዘኑ ጠንቶበታል፤ ስሙን እንኳ መጥራት አቅቶታል" አሉ ሴትዮዋ።

ከዚያ ወዲህ ለአፍታም ብቻዬን የሚተወኝ ጠፋ። የመንደሩ ሰው በየተራ ንፍሮ ይዞ ይመጣል፣ ያጽናናኛል፣ ስለ ገብሱና ስለ ዝናቡ ያወራልኛል። ሂዱ እንዳልላቸው አፈርሁ። ሌላ የምሥለው ሳጣ ከፊቴ የተቀመጡትን አዛውንት መሣል ጀመርሁ፤ ለወራት የደረቀው እጄም ሳላስበው ተፍታታ። ያን ቀን ያህል ደስ ብሎኝ ሥዬ አላውቅም።

ሥዕሉን ሳሳያቸው አተኩረው አዩት።

"ለካ እንዲህ አርጅቻለሁ" አሉ ቅር ብሏቸው።

ባለቤታቸው ግን ሥዕሉንና እሳቸውን እያስተያዩ ከልባቸው ሣቁ።

"እውነቱን ነው የሣለህ" አሏቸው። ከዚያ ወደ እኔ ዞር ብለው፣ "እኔን ስትሥል ግን ጥርሴን አሟላልኝ" አሉኝ።

አሟላሁላቸው።