ከረጢትና ሳጥን

የቧንቧ ውኃ በፈረቃ ስለሚመጣ፣ አዳማ ባለው ግቢዬ ከመሬት በታች ማጠራቀሚያ አሠራሁ። ጥልቀቱ ከቁመቴ ይበልጣል፤ የልጅ ልጆቼ ደግሞ ግቢውን ሙሉ ይሮጡበታል። ስለዚህ የክዳኑ ኮንክሪት በሚሞላበት ጠዋት ወንበሬን አውጥቼ አጠገቡ ተቀመጥኩ።

ንድፉ አንድ ሲሚንቶ፣ ሁለት አሸዋ፣ ሦስት ጠጠር ይላል። ግንበኛውና ሠራተኞቹ አሸዋና ጠጠሩን የለኩት ወለል በሌለው የእንጨት ሳጥን ነው፤ ይሞሉታል፣ ያነሡታል፣ ቁልሉ መሬት ላይ ይቀራል። ሲሚንቶው ግን አንድ ከረጢት እንዳለ ተዘረገፈ።

የሁለተኛ ደረጃ ተማሪ ሳለሁ የሒሳብ መምህራችን፣ ንጥጥር የሚወጣው ሁሉም በአንድ መለኪያ ሲለካ ነው ይሉን ነበር። ተነሣሁ።

«ልጄ፣ ውኃ እንዳትጨምርበት። አንድ ከረጢት ሳጥኑን ይሞላዋል?» አልኩት ግንበኛውን።

«እማማ፣ በዚህ ሳጥን ስንት ቤት ሠርቻለሁ!»

«ስለ ቤቶቹ አልጠየቅኩህም።»

ቅልቅሉን የምታገላብጠው ሠራተኛ አካፋዋን ተደግፋ ሳቀች። «አለቃ፣ ዛሬ ፈተና አለብህ!»

ቆርቆሮ አንጥፎ ሳጥኑን አስቀመጠ፤ ሌላ ከረጢት ገለበጠበት፤ ደልድሎ በሜትር ለካው። የሳጥኑ ቁመት ሠላሳ ሳንቲ ሜትር ነው። ሲሚንቶው ሃያው ላይ ቆመ።

«ሁለት ሦስተኛ ነው» አልኩት። «የቀላቀልከው ሁለት ሦስተኛ ለሁለት ለሦስት ነው። ሁሉንም በሦስት አባዛው፤ ሁለት ለስድስት ለዘጠኝ ይሆናል። ለአንድ ሲሚንቶ ሦስት አሸዋ፣ አራት ተኩል ጠጠር ማለት ነው። ሰው ለሚቆምበት ክዳን አይሆንም።»

ሳጥኑን አየት አደረገና «የተቀላቀለው ይጣል?» አለ።

«ለምን ይጣላል? ግማሽ ከረጢት ጨምርበት።»

በጣቱ ቆጠረ። «ለሁለት ቅልቅል ሦስት ከረጢት? እማማ፣ ያስመጣነው እኮ አሥራ ሁለት ነው። አሥራ ስምንት ሊፈጅ ነው።»

«ስድስቱን አስመጣ። ክዳኑ ሳይቋረጥ በአንድ ጊዜ ነው የሚሞላው። ጋሪ ጥራ።»

«በሉ እንግዲህ» ብሎ ሄደ። ሠራተኛዋ ከኋላው «ወደቅህ አለቃ!» አለችው። ስድስቱ ከረጢት እስኪደርስ ማንም አካፋ አላነሣም።

ከሳምንታት በኋላ ከሥር የደገፉት እንጨቶች ሲወጡ ግንበኛው ራሱ መጣ። ክዳኑ መሀል ላይ ቆሞ በከባድ ጫማው ሦስት ጊዜ ዘለለ።

«ይምጡ እማማ» አለኝ።

ሄጄ አጠገቡ ቆምኩ። ከዚያ ልጆቹን ጠራኋቸው።