ፊልትሮ አጣቢው

ሰመመን ይሉታል። እናቱ ያወጣችለት ስም ይሄ አይደለም፤ ግን በዚያኛው ስሙ የሚጠራው ሰው ከጠፋ ብዙ ዘመኑ ነው። ፒካፕ መጥቶ የጋራዡ ጉድጓድ ላይ ሲቆም ከሥሩ ይገባና የዘይቱን ቡሎን ይፈታል። ጥቁሩ ዘይት መጀመሪያ ገንፍሎ፣ ኋላ እንደ ክር ቀጥኖ ወደ ባልዲው ሲወርድ የሱም ነፍስ አብራ ትወርዳለች። ዘይቱ አልቆ ጠብ ጠብ ማለት ከጀመረ በኋላ እንኳ ከሥር ድምፅ የለም።

«ኧረ ሰውየው ምን ሆነ?» ይላል ሾፌሩ ተጨንቆ።

«ምንም አልሆነም፣ ሄዷል። ይመለሳል» ይላል የጋራዡ በያጅ፣ መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቅሎ።

የት እንደሚሄድ እኔ ልንገራችሁ። ዘይቱን ተከትሎ ነው የሚሄደው። ይሄ ጥቁር ነገር ምን ያህል አገር አይቶ መጣ? የማንን ሽንኩርት፣ የማንን አልጋ፣ የማንን ሙሽራ ጭኖ ሲሽከረከር ከረመ? ደግሞስ ከዚህ ወጥቶ የት ይገባል? ይሄን ሲያስብ ዓይኑ ክፍት ነው፤ ግን ቢጠሩት አይሰማም። ሰነፍ ይሉታል ያላወቁት። ግን እንደሱ እጁ የጠራ ሠራተኛ ጋራዡ ውስጥ አልነበረም።

ከሁሉም አብልጦ የሚወደው ፊልትሮዋን ነው። ለማያውቃት፣ የቲማቲም ድልህ ቆርቆሮ የምታህል ጣሳ ናት። ሆዷ ውስጥ እጥፍጥፍ ያለ ወረቀት አለ፤ ዘይቱ በዚያ ሲያልፍ የሞተሩ እድፍ ሁሉ እዚያው ይቀራል። ወረቀቱ ሲሞላ ጣሳዋ ተፈታ ትጣላለች፤ ያውም አንድ ብርጭቆ የሚሆን ጥቁር ዘይት ሆዷ ውስጥ እንደያዘች። የሌላውን እድፍ ስትውጥ ኖራ በመጨረሻ የምትወረወር ፍጥረት አንጀቱን ትበላዋለች። «ምን አጥፍታ ነው?» ብሎ በያጁን ጠይቆት ያውቃል።

የጋራዡ አለቃ ክፉ ሰው አልነበረም። ሆዱ ትልቅ፣ ሳቁም ትልቅ ነው። ግን ፊልትሮ ሲገዛ ስስ ስሷን መርጦ በካርቶን ነው የሚያስመጣው። ስሷ ቶሎ ትሞላለች፤ ፒካፑም ቶሎ ይመለሳል፤ አሮጌዋም ከጋራዡ ጀርባ ትወረወራለች። እንዲህ እንዲህ እያለ ከጀርባ ያለው ተዳፋት ላይ የፊልትሮ ክምር ተነሳ። ከተዳፋቱ ግርጌ ደግሞ የእትዬ ግቢ አለ።

እትዬ ታላቅ እህቱ ናት። እናታቸው ስትሞት እሱ ገና ጫማውን ማሰር አያውቅም ነበር፤ ያሳደገችው እሷ ናት። በሱ ምክንያት ሳታገባ ቀረች ይላሉ ሰዎች። እሷ ግን «የሚመጥነኝ ጠፍቶ ነው» ብላ ትስቃለች። ፀጉሩ ሸብቶ እንኳ «አንተ ልጅ» ነው የምትለው። ኑሮዋ ችግኝ ነው፤ ሎሚ፣ ፓፓያ፣ ጽድ በላስቲክ ከረጢት ታፈላለች። ችግኙን የምታጠጣው፣ የምትጠጣው፣ የምታበስልበትም ውኃ ከግቢዋ ጉድጓድ ነው። ሰመመን የሚኖረው እዚያው ግቢ፣ ጉድጓዱ አጠገብ ባለች አንዲት ክፍል ነው። ማታ ከሥራ ሲመለስ ባልዲውን ከማውረዱ በፊት አጎንብሶ ወደ ውስጥ ያያል። ታች ሰማዩ አለ፤ ደመናው ቀስ እያለ ያልፋል። እዚያ ደመና ውስጥ ባልዲ አውርዶ ውኃ ማውጣት ደስ ይለው ነበር።

አንድ ክረምት ታዲያ ዝናቡ ክምሩን አጥቦ ወረደ። ሰመመን ከጋራዡ ጓሮ ቆሞ ሲያይ የጎርፉ ፊት ሐምራዊና አረንጓዴ እያለ ይንሸራተታል። አያምርም አይባል፣ ያምራል። እየተንሸራተተ ሄዶ የእትዬ አጥር ሊደርስ ጥቂት ሲቀረው መሬት ውስጥ ሰረገ። የዚያን ዕለት እንቅልፍ አልወሰደውም። ይሄ ነገር ጉድጓዷ ከገባ እትዬም የለች፣ ችግኝም የለ።

ጠዋት ፊልትሮዋን በእጁ ይዞ አለቃው ፊት ቆመ።

«አለቃ፣ ይቺን ነገር እንተዋት።»

«ምኗን?»

«ይቺን ስሷን። ወፍራሟን እናስመጣ። አንዴ ከታሰረች ረጅም መንገድ ትሄዳለች። የምንጥለውም በግማሽ ይቀንስልናል።»

«የሚመጣው ሾፌርም በግማሽ ይቀንሳል በለኛ!» አለቃው ሆዱ እስኪንቀጠቀጥ ሳቀ። «ሰመመን፣ ሾፌር ቶሎ ቶሎ ካልመጣ እኔና አንተ ምን ልንበላ ነው? ሕልም?»

ጋራዡ በሙሉ በሳቅ ፈረሰ። ሰመመን ኩም ብሎ ተመለሰ። ግን ሰመመን ኩም ሲል የተወ እንዳይመስላችሁ፤ ሌላ መንገድ ማሰብ ጀምሯል ማለት ነው።

ያሰበው ይሄን ነው፦ ለምን ትጣላለች? ለምን አትታጠብም? አሮጌዎቹን ሰብስቦ ቤንዚን ውስጥ ይዘፈዝፋል፣ ያንቀጫቅጫል፣ በአየር ይነፋል፣ ፀሐይ ላይ ያደርቃል፣ መልሶ ያስራል። የታጠበች ፊልትሮ እንደ አዲስ እንደማትሆን ያውቃል፤ ስለዚህ ለአሮጌ ፒካፖች ብቻ ነበር የሚያስራት። የአለቃው ልብ ቅቤ ጠጣ። «ያለ ግዢ ፊልትሮ! አንተ ሰው ለካ ነቅተሃል!» አለ። አንድ ነገር ብቻ ከለከለ፦ «እዚህ ግቢ ውስጥ ግን ቤንዚን አትክፈትብኝ። የብየዳው ፍንጣሪ አንድ ቀን ሁላችንንም ያነደናል።»

ስለዚህ ሰመመን ማጠቢያውን ወደ እትዬ ግቢ፣ ከላይ በኩል ካለው አጥር ሥር ወሰደው። ጥላ አለ፣ ነፋስ አለ፣ እሳት የለም። የታጠበበት ቤንዚን የት ይሄዳል ብሎ መጨነቁ አልቀረም፤ እሱ ካልተጨነቀ ማን ይጨነቃል? ሲያስብ ከርሞ ጉድጓድ ቆፈረ። ታች ጠጠር፣ ከላዩ አሸዋ፣ ከላዩ ከሰል፣ ከላዩ አመድ ደረደረ። ጥቁሩን ቤንዚን ቀስ አድርጎ ሲያፈስበት እልም ብሎ ጠፋ። ደስታው ከአቅሙ በላይ ሆነ።

«መሬት ማለት እኮ ትልቅ ፊልትሮ ናት፣ እትዬ!» አላት ደረቱን ነፍቶ። «ዝናቡን አጣርታ አይደል እንዴ ጉድጓድሽ የምታስገባው? ይሄንንም እድፉን እዚያው ታስቀርልናለች።»

እትዬ ከረጢት አፈር እየሞላች ቀና አለች። «ስትሞላስ ማን ይፈታታል?»

«አንቺ ደግሞ ነገር ታውቂያለሽ» ብሎ ሳቀ። እሷም ሳቀች።

ዕድሜውን ሙሉ ፊልትሮ ሲያስር የኖረ ሰው ካልሆነ በቀር እንዲህ ያለ ስህተት የሚሳሳት የለም። ወረቀት እድፍ ሲይዝ በየቀኑ ያያል፤ አፈርም እንደዚያ ትመስለዋለች። ሌላ ሰው ቢሆን ዝም ብሎ ደፍቶ ይሄድ ነበር፤ እሱ ተጨንቆ፣ ደርድሮ፣ አሳምሮ ደፋ። እነዚያ ወራት የሕይወቱ ጥሩ ወራት ነበሩ። ከሥራ መልስ አጥሩ ሥር ቁጭ ብሎ እያጠበ ያፏጫል። የታጠቡት ጣሳዎች በተርታ ተሰልፈው የማታ ፀሐይ ሲያርፍባቸው የዳነ ሰው የሚያይ ይመስለዋል። በዚያው ሰሞን እትዬ ጀሪካን ተሸክማ ከቦኖ ስትመለስ አይቷታል። ለምን ብሎ ግን አልጠየቃትም።

ከዚያ የፓፓያው ቅጠል ዳር ዳሩ እንደ ተቃጠለ ወረቀት መኮማተር ጀመረ። አንድ ጠዋት ሰመመን ባልዲውን ሲያወጣ ውኃው ፊት ላይ ስስ ቀለም ተዘርግቷል፤ ሐምራዊና አረንጓዴ። ክው አለ። ያ ክምር! ያ የተረገመ ክምር በመጨረሻ ደረሰ! ባልዲውን እንዳንጠለጠለ ዳገቱን ወጥቶ አለቃው ጠረጴዛ ላይ ዱብ አደረገው።

«ይሄ ምንድነው?»

«የእህቴ ውኃ ነው። ጠጣው።»

ሰመመን ጮኾ አያውቅም ነበር፤ በያጁ ብየዳውን አቋርጦ መጣ። ጎመን የሚጭን አንድ ሾፌርም ከፒካፑ ወረደ። አለቃው ወደ ባልዲው አየ፣ ወደ ሰመመን አየ፣ ሳቁ ጠፋ። «እኔ እኮ . . . እህትህ እዚያ ታች መሆኗን . . .» አለ። ሰው ክፉ ካልሆነ አንዳንዴ አንድ ባልዲ ይበቃዋል። በዚያው ቀን ክምሩን በጎመን ጫኙ ፒካፕ እየጫኑ ወደ ብረት ቀላጮች ማመላለስ ጀመሩ። ወፍራሟም ፊልትሮ ታዘዘች። ሰመመን ከሁሉም በላይ ተሸከመ፤ በመጨረሻው ጭነት ወገቡን ቀጨው። እየተንፏቀቀ ቤቱ ገብቶ ተኛ፤ ፊቱ ግን የአሸናፊ ፊት ነበር።

ተኝቶ ሰነበተ። እትዬ ወገቡን በሞቀ ጨርቅ ትተኩሰዋለች፣ እጁን በሳሙና ታጥበዋለች፣ ውኃ በኩባያ ታጠጣዋለች። ከጣራው ላይ ዝናብ ሲንጠባጠብ እየሰማ በእንቅልፍና በንቃት መካከል ተንሳፈፈ። በሕልሙ ጉድጓዱ ውስጥ ደመናው ተመልሶ ሲያልፍ ያያል። ከጥፍሩ ሥር እንኳ ዘይት ጠፋ፤ እጁ የማን እጅ እንደሆነ ግራ ገባው።

መነሳት ሲችል መጀመሪያ የሄደው ወደ ጉድጓዱ ነው። ክምሩ ከሄደ ወዲያ ውኃው እንዴት ሆኖ ይሆን? ባልዲውን አውጥቶ አፍንጫውን አስጠጋ። ያ በጋራዥ ሽታ ደንዝዞ የኖረ አፍንጫ በዕረፍቱ ነቅቶ ነበር። የተቃጠለ ዘይት ሽታ አይደለም። ክምሩ ያንን ነበር የሚሸተው። ይሄኛው የሚሰነፍጥ፣ ጣፈጥ የሚል፣ ራስ የሚያዞር ነው። ክምሩ ውስጥ ጠብታ ቤንዚን አልነበረም። ቀና ብሎ ወደ አጥሩ ሥር አየ። ጉድጓዱ አፍ ላይ ተቀመጠ።

እትዬ የደረቁትን ፓፓያዎች ከከረጢታቸው እያወጣች ነበር።

«እትዬ . . . ይሄ ቤንዚን ነው።»

«አዎ።»

«ታውቂ ነበር?»

«ማጠብ የጀመርክ ሰሞን ነው የሸተተኝ።»

«ታዲያ ለምን ዝም አልሽ?»

አንድ ሥር አራግፋ አየችና አስቀመጠችው። «እናታችን ከሞተች ወዲህ ስታፏጭ ሰምቼህ አላውቅማ፣ አንተ ልጅ። ማታ ማታ እዚያ ቁጭ ብለህ ስታፏጭ . . . እሱን ቀምቼ በምን ልተካልህ? ውኃ እንደሆነ ከቦኖ ይመጣል አልኩ። ችግኙም ይችለዋል ብዬ ነበር፤ አልቻለም።»

ተኝቶ ሳለ በኩባያ የጠጣው ውኃ ከየት እንደመጣ ያኔ ገባው። ያቺ ሴት በዚያ ዕድሜዋ ዳገቱን በጀሪካን ስትወጣ ስትወርድ፣ እሱ ግድግዳውን ይዞ ሕልም ያይ ነበር። አለቀሰ። ሽማግሌ ሲያለቅስ ደስ አይልም፤ እሱ ግን ግድ አልሰጠውም። እሷም ተው አላለችውም፤ አጠገቡ ተቀምጣ ጠበቀችው።

ካለቀሰ በኋላ አካፋ አነሳ። አመዱን አወጣ፣ ከሰሉን አወጣ፣ አሸዋውን አወጣ፤ ከሥሩ ያለው አፈር ጥቁርና ቅባታም ነበር። ሲቆፍር ጥቁሩ አያልቅም፤ ወደ ውኃው ጉድጓድ አቅጣጫ ይሄዳል። የችግኝ ከረጢት አልበቃ ሲል እትዬ የሲሚንቶ ከረጢቶች አመጣችለት። አብረው ሞሉ። ከረጢቶቹ በአጥሩ ጥግ ተሰለፉ።

«እና የት ልትጥለው ነው?» አለችው።

ሰመመን አካፋውን ተደግፎ አሰበ። ከጋራዡ ጀርባ? ግርጌው ይሄ ግቢ ነው። ወንዙ ዳር? ከወንዙ በታች ልብስ የሚያጥቡ ሰዎች አሉ። ከከተማው ወጣ ብሎ ያለው ገደል? ከገደሉ ሥር ማለዳ ማለዳ ጭስ የሚወጣባቸው ቤቶች ከሩቅ ያያል። ሄዶባቸው አያውቅም። ግን በያንዳንዱ ቤት አንዲት እትዬ ተቀምጣ፣ ከላይ በኩል የሚያፏጭን የሰው ወንድም በዝምታ ስትሰማ ታየችው።

«የትም» አለ።

የመጀመሪያውን ከረጢት ትከሻው ላይ አወጣና የራሱን ክፍል በር በእግሩ ገፍቶ አስገባው። ጥሩ አደረገ አልልም፤ ሽታው ብቻውን ሰው ያሳምማል። እትዬ በሩ ላይ ቆማ አልጋውን ወደ ግድግዳው ሲያስጠጋ አየችው። ከዚያ እሱ ሁለተኛውን ሊያመጣ ወጣ፣ እሷም የአልጋውን ሌላ ጫፍ ይዛ ገፋችለት።