«እኔን!» የማይባልበት ፊልም

ማኑሄ አዘቦት ቀን ኤርፖርት ሻንጣ ይጭናል። እሑድ ከቅዳሴ መልስ ደግሞ በአሜሪካዋ ዩለስ ከተማ ባለው የባልንጀራው የተሻገር ጋራዥ ውስጥ ሁለቱ ድምፅ አልባ የቀልድ ፊልም ይሠራሉ። ቀጭኑ ማኑሄ ይጥላል፣ ወፍራሙ ተሻገር ይወድቃል፣ የተሻገር ልጅ ናኦሚ በስልኳ ትቀርጻለች። የአካባቢው ሐበሻ እያየ በሳቅ ይፈርሳል።

ችግሩ የማኑሄ አፍ ነበር። ለመሆኑ ሰው ሲወድቅ አይቶ «እኔን!» ሳይል የሚያልፍ ሐበሻ የት ይገኛል? ድምፁ ባይሰማም ከንፈሩ ይታያል።

«ጋሼ ማኑሄ፣ ሾቱን አበላሹት! ሶ፣ እንደገና» ትላለች ናኦሚ።

«ራስህ ጥለኸኝ ራስህ ታዝንልኛለህ? ጨከን በል እንጂ!» ይላል ተሻገር።

ማኑሄ ከንፈሩን መንከስ ለመደ። ተሻገርም ከወደቀ በኋላ «ደህና ነኝ» ለማለት የጫማውን ጫፍ ያወዛውዝለታል። ያም ሆኖ ማኑሄ ሰሞኑን ፈርቷል። ተሻገር ደረጃ ሲወጣ ማለክለክ ጀምሯል፤ ሐኪም ዘንድ ሂድ ቢሉት በጄ አላለም። የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል።

አንድ እሑድ ማኑሄ መሰላል ተሸክሞ ዞር ሲል፣ ተሻገር መሰላሉ ሳይነካው ወደቀ። ቸኮለ እንዴ? ማኑሄ እንደ ልማዳቸው ተራመደው፤ ቆቡን አውልቆ ራሱን አከከ። ናኦሚ ሳቋን አፍና ትቀርጻለች። ማኑሄ የተሻገርን ጫማ ጫፍ አየ። አይንቀሳቀስም። ጎንበስ ሊል ቃጣው። ግን ደግሞ «አበላሸህ» መባልንም ፈራ፤ ከንፈሩን ነክሶ አንዴ ዞረው። ጫማው አሁንም ዝም ብሏል።

«እኔን! እኔን ድፍት ያርገኝ!» ብሎ መሰላሉን ወረወረው። «ናኦሚ፣ ናይን ዋን ዋን ኮል አድርጊ፣ አምቡላንስ!»

ልቡ ነው አሉ ሐኪሞቹ። ማኑሄ የሆስፒታሉ ኮሪደር ላይ ተቀምጦ፣ እንዳይሞትበት ሲፈራ ዋለ፤ ቢነቃ ደግሞ «ስወድቅ ምን ታደርግ ነበር?» እንዳይለው ፈራ።

በማግስቱ ተሻገር ነቃ። ሲሻለው መጀመሪያ የጠየቀው ቪዲዮውን ነው። ናኦሚ እያለቀሰች ከፈተችለት። ማኑሄ ግድግዳውን ተደግፎ ከንፈሩን ነከሰ። ስክሪኑ ላይ ባልንጀራው ተዘርሯል፤ እሱ ራሱን እያከከ በላዩ ይራመዳል።

«ማኑሄ» አለ ተሻገር በደከመ ድምፅ፣ «እንዲህ አሳምረህ ሠርተህ አታውቅም።»

ሊስቅ ሲል ሳል ያዘውና ስልኩ ከእጁ ወደቀ።

«እኔን!» ብሎ ማኑሄ ዘሎ ደረቱን ደገፈው። «እኔን፣ እኔን!»

ያን ቀን አበላሸህ ያለው ሰው አልነበረም።